ከስፌት መኪናው በላይ አራት አምፖል

ነገሌ ላይ ከምሽቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ሲሆን ሰው ሁሉ አንድ ቃል ይናገራል፤ «ወርዷል»። ምኑ እንደ ወረደ የሚጠይቅ የለም። ቴሌቪዥኑ፣ ማቀዝቀዣው፣ የፀጉር ቤቱ ማድረቂያ በአንድ ጊዜ ሲሰካ ኃይሉ ይዳከማል፣ አምፖሉ ውስጥ ያለችው ክር ትቀላለች። ጎረቤት በአጥር ላይ አንገቱን አስግጎ «እናንተም ጋ ወርዷል?» ይላል፤ «ወርዷል» ተብሎ ይመለስለታል። ሰላምታ ሆኗል ማለት ይቻላል። ከተማዋ በጄኔሬተር በምትበራበት ዘመን ያደገ ሰው ደግሞ ለደብዛዛ ብርሃን እንግዳ አይደለም። ስለዚህ በእኛ ከተማ «አይታየኝም» ያለ ሰው የሚወቅሰው መብራቱን ነው። ዓይኑን የሚጠረጥር አልገጠመኝም። እኔም አልጠረጠርኩም። ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ፊዚክስ አስተምራለሁ፤ ብርሃን ከመስታወት ላይ እንዴት እንደሚመለስ በጠመኔ ስስል ነው የኖርኩት። ቢሆንም አባቴ ዓይናቸውን እያጡ እኔ አራት ዓመት ሙሉ አምፖል ስመርጥ ነበር።

አባቴ ልብስ ሰፊ ነበሩ። በልጅነታቸው ከአባታቸው ጋር ከሰሜን መጥተው እዚሁ የቀሩ፣ የተማሪውን ዩኒፎርም፣ የሹሙን ሙሉ ልብስ፣ የነጋዴውን ጀለቢያ ሲሰፉ ፀጉራቸውን የጨረሱ ሰው። ክር በመርፌ ቀዳዳ ሲያስገቡ አያዩትም ነበር። ወሬ እያወሩ፣ ደጁን እየተመለከቱ፣ ጣታቸው ብቻውን ያገኘዋል። በዚህ ይመኩ ነበር፤ እኛም እንመካ ነበር። ያ ችሎታቸው ብዙ ነገር ሸሸገብን።

ስፌት መኪናውን ከገበያ ዳሯ ሱቃቸው ወደ ቤት ያመጡት በድንገት ነው። ጨለማ ናት አሉ። ሠላሳ ዓመት የሰፉባት፣ በሯ ወደ ምሥራቅ የሚከፈት ክፍል በአንድ ክረምት እንዴት እንደ ጨለመች ማናችንም አልጠየቅንም። እናቴ «ደግ አደረግህ፣ እዚሁ አጠገቤ ሁን» አለቻቸው። ሳሎኑን ለሁለት ከፍለን መኪናውን በመስኮቱ በኩል አስቀመጥነው። ሳምንት ሳይሞላ መስኮቱም አነሰ።

በዚያ ክረምት ለትምህርት ሐዋሳ ሄጄ ነበር። አንድ ቡቲክ ዕቃውን እየሸጠ ሊዘጋ ሲል ጣሪያው ላይ ያየሁት ነገር ዓይኔ ገባ፤ ሜትር ተኩል የሚሆን ጥቁር ሐዲድ፣ በላዩ ላይ ወዲያ ወዲህ የሚንሸራተቱ፣ አንገታቸው የሚዞር አራት የመብራት ራሶች። ብርሃኑን ወደ ፈለጉበት ማዞር ነው። ይሄማ ለአባቴ የተሠራ ነው አልኩ። አንዱ ጨርቁ ላይ፣ አንዱ መርፌው ላይ፣ አንዱ መቀሱ ላይ፣ አንዱ ክሩ ላይ። በጋዜጣ ጠቅልዬ፣ አውቶቡስ ውስጥ እንደ ሕፃን ታቅፌ አመጣሁት።

ኮርኒሳችን የተወጠረ ማዳበሪያ ከረጢት ስለ ነበረ ሐዲድ አይሸከምም። ከግድግዳ ግድግዳ ወፍራም ጣውላ አጋድሜ እሱ ላይ ጠመድኩት። ጎረቤቶች ሊያዩ ተሰበሰቡ። እኔም አጋጣሚውን አላባከንኩትም፤ ዋቱን፣ ቮልቱን፣ ብርሃኑ የሚረጭበትን ማዕዘን፣ መማሪያ ክፍል ውስጥ እንዳለሁ ሁሉ ተነተንኩት። አባቴ ከወንበራቸው ላይ ቀና ብለው ሲሰሙኝ ቆዩና ለሁሉም እንዲሰማ «የተማረ ይግደለኝ!» አሉ። ሳቅን። አሁን ያን ሳቅ ሳስታውስ ይሰቀጥጠኛል።

ቀጥሎ የመጣው ጣጣ አምፖሉ ነው። የከተማችን ሱቆች የለመዱት በጥርስ የሚገባውን ወይም በጎኑ ሁለት ጆሮ ያለውን ነው፤ የሐዲዱ አምፖል ግን ሁለት አጫጭር እግር ያለው፣ ተገፍቶ ጥቂት የሚዞር ዓይነት ነው። የመብራት ዕቃ የሚሸጥ ወዳጅ ነበረኝ፤ አባቱም አያቱም ነጋዴ የነበሩ፣ ኦሮምኛና አማርኛ በአንድ ትንፋሽ የሚናገር ሰው። ከባንኮኒው ጀርባ ሳይነሳ «አካም መምህር፣ ናጋ?» ብሎ ሰላም ይለኛል። የመጀመሪያዎቹን አራት አምፖሎች ከሞያሌ ያስመጣልኝ እሱ ነው። ሐሎጂን ናቸው፤ ሃምሳ ሃምሳ ዋት፣ ብርሃናቸው ሞቅ ያለ ቢጫ።

ቀን ስንሞክራቸው ግሩም ነበሩ። ሲመሽ ኃይሉ ሲወርድ አራቱም አብረው ቀሉ። አባቴ «ወርዷል» አሉ። በቴስተሬ ለካሁ፤ መቶ ስድሳ አምስት ቮልት። «ይኸው!» ብዬ ቁጥሩን አሳየኋቸው። ጎንበስ ብለው አይተው «እውነት ነው» አሉ። ቁጥሩን አንብበውት ይሁን ወይም አምነውኝ አልጠየቅኩም።

ሙቀቱ ደግሞ የባሰ ነው። ነገሌ ያለ እሱም ትበቃለች። አባቴ ራሶቹን በሜትር እንጨታቸው ገፋ ገፋ እያደረጉ አራቱንም ወደ ቀኝ ዳር ሰበሰቧቸው። ከዚያ ጠረጴዛውን ለብርሃኑ ለማስጠጋት ከእግሩ ሥር ብሎኬት አስገቡ። ከመላጣቸው ላይ ላብ እየወረደ ጨርቁ ላይ ጠብ ይላል። እናቴ «ኧረ ተጠበስክ አንተ ሰውዬ!» ትላቸዋለች። እሳቸው መስፋታቸውን ይቀጥላሉ። ለምን ሁሉም ወደ ቀኝ ብቻ እንደ ሄዱ አላሰብኩበትም፤ ሐዲዱ የተሠራው ለመንሸራተት አይደል፣ እንዳሻቸው ያድርጉት ብዬ ተውኩት። አንድ ቀን ግን ቤቱ የተቃጠለ ላስቲክ ሸተተ። ቀና ብል ከአምፖሎቹ በላይ ያለው ኮርኒስ የሰሐን ያህል ጠቁሯል። ትንሽ ብንቆይ ቤቱ በላያችን ላይ ይነድ ነበር። ሁላችንም ደነገጥን፤ እናቴ አማተበች። አባቴ ብቻ የትኛውን ጥቁረት እንደምናሳያቸው ስላላወቁ ጣሪያውን ሲፈልጉ ቆዩና «አዎ፣ አዎ» አሉ።

ስለዚህ ወደ ኤል ኢ ዲ ዞርኩ። ሰባት ዋት ብቻ ነው፤ ኮርኒስ አያቃጥልም። ከሁሉም በላይ ደግሞ ኃይሉ ቢወርድ እንኳ ውስጡ ያለው መቆጣጠሪያ ብርሃኑ እንዲደበዝዝ አይፈቅድለትም። ይህን ለሱቁ ባለቤት ያስረዳሁት እኔው ራሴ ነኝ። አንባቢ ይህን ይያዝልኝ፤ እኔ ማስረዳቱን እንጂ መያዙን አልቻልኩበትም።

ካርቶኑ ላይ የብርሃኑ ቀለም በቁጥር ተጽፏል፤ ሦስት ሺህ ያለው ቢጫ ነው፣ ስድስት ሺህ አምስት መቶ ያለው ነጭ። ለስፌት ነጩ ይሻላል ብዬ ነጩን ወሰድኩ። ወር ሳይሞላ አንድ የቆየ ደንበኛ፣ ሱፍ ልብስ ከአባቴ ሌላ ለማንም ሰጥቶ የማያውቅ የቢሮ ኃላፊ፣ ጥቁር ሰማያዊ ሱፉን ሊወስድ መጣ። ደጅ አውጥቶ ፀሐይ ላይ ዘረጋው። አንዱ እጅጌ በሰማያዊ ክር፣ ሌላው በጥቁር፣ የኪሱ ክዳን በቡናማ ተሰፍቷል። ሰውየው አልተቆጣም። ልብሱን ቀስ ብሎ አጠፈና አባቴን ረጅም ጊዜ አያቸው። እኔ በመካከል ገብቼ ተናገርኩ። ርካሽ ነጭ አምፖል ቀለምን ይዋሻል፣ ሰማያዊውን ጥቁር ያስመስለዋል፣ ጥፋቱ የአምፖሉ ነው አልኩት። ያልኩት ሁሉ እውነት ነው፤ መጽሐፍ ላይም አለ። ሰውየው «እግዜር ይስጥልኝ» ብሎ ሄደ፣ ዳግመኛም አልመጣም። አባቴ ያን ቀን ምሳ አልበሉም።

ነጩን አውጥቼ ቢጫውን አስገባሁ። ቢጫው ሲያንስ ቀለም የማይዋሸውን ውድ ዓይነት አስመጣሁ። ከዚያ የማዕዘኑ ነገር መጣ። ጠባቡ አምፖል ጨርቁ ላይ ትንሽ ክብ ብርሃን ይጥላል፤ ሰፊው ጠረጴዛውን ሁሉ ያለብሳል። ለልብስ ሰፊ ሰፊው አምፖል ነው የሚሻለው፤ መቀሱም፣ ሜትሩም፣ ጨርቁም አብረው ይታያሉ። ሰፊውን ባስገባው ግን አባቴ ጠባቡን መልስልኝ አሉ።

«ሰፊው እኮ ሁሉን ያሳይዎታል፣ አባባ» አልኳቸው።

«ሁሉን ምን ያደርግልኛል? የምሰፋትን ትንሿን ነገር ካሳየኝ ይበቃኛል።»

የሽማግሌ አመል ነው ብዬ ጠባቡን መለስኩ። ያን ጊዜ የሚያዩት ዓለም ራሱ ያቺን ክብ ያህል ብቻ ቀርቶ ነበር።

ደንበኛው እየሳሳ ሄደ። ማንም ምክንያቱን አይነግረንም፤ በቃ አይመጣም። አባቴ ሥራ ባይኖርም ጠዋት ተነስተው፣ አራቱንም መብራት አብርተው፣ መኪናው ፊት ይቀመጡ ነበር። ቁራጭ ጨርቅ ላይ ባዶ ስፌት ይሰፋሉ። የመኪናው ድምፅ ከሌላው ክፍል ሲሰማ ሰው ሥራ ላይ ያለ ይመስላል። ገብቶ ያየ ግን መስመሩ እየተጠማዘዘ ከጨርቁ ጠርዝ እንደ ወጣ ያያል።

ለሌላ ዙር አምፖል የሄድኩ ዕለት ወዳጄ ዕቃውን አላወጣልኝም። እጁን ባንኮኒው ላይ አስደገፈ።

«መምህር፣ እኔ ነጋዴ ነኝ፤ ብትገዛኝ ደስ ይለኛል» አለኝ። «ግን ልንገርህ። ባለፈው ጁምዓ አባባ በዚህ ሲያልፉ ‹አካም አባባ› ብዬ እጄን ዘረጋሁላቸው። በግራቸው ነበርኩ። ድምፄን ሰምተው ቆሙ፣ እጄን ግን አላዩትም። ወላሂ እዚሁ እንደ ተዘረጋ ቀረ። እኔ አምፖል አለኝ፤ ዓይን አልሸጥም። ሐኪም ጋ ውሰዳቸው።»

ደሜ ፈላ። አባቴን ዕውር ያለብኝ መሰለኝ። የብርሃን ነገር ለኔ ሊያስተምር ነው ወይ አልኩ በሆዴ። በአፌ ደግሞ «አንተ ዕቃህን ሽጥ!» ብዬው ወጣሁ፤ ከዚያ በኋላ ብዙ ወር ከሌላ ሱቅ ገዛሁ። ሳይቃጠል በቅጠል ማለት ያን ቀን ነበር።

ማታ ሰውየው ያለውን ለእናቴ ነገርኳት። እጇን አፌ ላይ ልትጭን ምንም አልቀራትም።

«አታሟርትብን!» አለች። «መብራቱ ነው። አንተ ብቻ መብራቱን አስተካክልለት።»

በእኛ ቤት የክፉ ነገር ስም ከተጠራ ክፉው ቤቱን አወቀው ማለት ነው። እናቴ ግን ታውቅ ነበር። ሻይ ስታቀርብላቸው ብርጭቆውን ጠረጴዛው ላይ ማስቀመጥ ትታ እጃቸው ውስጥ ታስይዛቸው ጀምራለች። ከመንገዳቸው ላይ በርጩማውን ቀድማ ታነሳለች። ይህን ሁሉ አያለሁ፤ አይቼም የፍቅር ነው እላለሁ። እናቴን አንቺ፣ አባቴን አንቱ እያልኩ ነው ያደግሁት፤ እናቴን «ደክሞሻል ተኚ» እላታለሁ፣ አባቴን ግን «ዓይንዎን ያሳዩኝ» ለማለት ምላሴ አይታዘዝልኝም። ደግሞም፣ እውነቱን ልናገርና፣ የመብራቱ ጥፋት ቢሆን ለሦስታችንም ይሻለን ነበር። አምፖል ይቀየራላ።

አንድ ምሽት ከትምህርት ቤት ገብቼ ጫማዬን ሳላወልቅ አባቴ «ወርዷል» አሉ። ቴስተሩን አነሳሁ። ሁለት መቶ አሥራ ስምንት ቮልት። እንደዚያ የመሰለ ኃይል ከተማችን ውስጥ በዓመት አንዴ ቢታይ ነው። በአጥሩ ላይ ማንም አንገቱን አላሰገገም፤ ማንም ወርዷል አላለም። አራቱ ራሶች ያን ቀኝ ዳር በብርሃን አጥበውት ዓይን ይወጋሉ። አባቴ ከሥራቸው አጎንብሰዋል፤ በፊታቸውና በመርፌው መካከል ስንዝር አይሞላም።

«በጣም ወርዷል ዛሬ» አሉ ደግመው።

ፈራሁ። ቁጥሩን ደግሜ አየሁት፤ አሁንም ሁለት መቶ አሥራ ስምንት ነው። ከዚያ ምን አደረግሁ? የቴስተሩ ባትሪ ደክሞ ይሆናል አልኩ። በማግሥቱ አዲስ ባትሪ ገዝቼ ጨመርኩበት። ተማሪ እንዲህ ያለ ነገር ቢሠራ ዜሮ እሰጠው ነበር።

በዚያው ሳምንት የመኪናው መርፌ የግራ እጃቸውን አመልካች ጣት ከነጥፍሩ በስቶ ወጣ። ሰፊ ሁሉ አንድ ቀን ይወጋል ይባላል፤ አባቴ ግን በዚያ ሁሉ ዓመት አንድም ቀን ተወግተው አያውቁም። እናቴ ጣታቸውን በጨርቅ ጠቀለለች። እኔ ወንበር ላይ ቆሜ የአንዱን ራስ አንገት አዞርኩ። አቅጣጫው ተበላሽቶ ነው አልኳቸው። ደሙ የሚሰፉት ነጭ ጨርቅ ላይ ነበር፤ እሳቸው ጨርቁን አንስተው ንጹሑን ጎን እየዳበሱ «አልነካውም አይደል?» አሉን። እናቴ «አልነካውም» አለቻቸው።

የጨረሰን አንድ ቅዳሜ ቀን ነው። ስድስት ሰዓት ላይ፣ ፀሐይዋ አናት ላይ ቆማ፣ ከአባቴ ጋር ወደ ገበያ እንሄድ ነበር። ዝናብ ከጠፋ ወራት ሆኖታል፤ ሰማዩ ላይ የጥጥ ቁራጭ የምታክል ደመና የለችም። መንገዱን ሊሻገሩ እግራቸውን አነሱ። ባጃጁ ከግራ በኩል ነበር የመጣው፣ ጡሩምባውን እየነፋ፣ ያውም ቀይ ቀለም የተቀባ። ክንዳቸውን ይዤ ልስብ ስል የባጃጁ ጎን ዳሌያቸውን ገፍቶ ጣላቸው። ሹፌሩ ደንግጦ ወረደ።

«አባባ! አይታይዎትም እንዴ?» አለ። ሳያስበው የወጣ ቃል ነው፤ ወዲያው «አፉ ይበሉኝ፣ አፉ ይበሉኝ» እያለ አብሮኝ አነሳቸው።

አልተጎዱም። አቧራቸውን አራገፉ። ከዚያ ፊታቸውን ወደ ሰማይ ቀና አደረጉ። ፀሐይዋ በሙሉ ፊታቸው ላይ ነበረች።

«ደመነ እኮ» አሉኝ። «ሊዘንብ ነው መሰለኝ። ቶሎ እንግባ።»

እዚያ መንገድ ላይ አምፖል የለም፣ ቮልት የለም፣ ማዕዘን የለም። ሹፌሩ አንገቱን አቀረቀረ። «እሺ አባባ፣ እንግባ» ብዬ ክንዳቸውን ያዝኩ።

በሦስተኛው ቀን ጎህ ሲቀድ ወደ ሐዋሳ ተሳፈርን። ክብረ መንግሥት ላይ ሻይ ጠጣን። ቦሬ ስንደርስ ጉም አውቶቡሱን ዋጠው፤ ሹፌሩ መብራት አብርቶ እንደ ዔሊ ይሄዳል፣ ተሳፋሪው በፍርሃት አጉረመረመ። አባቴ በመስኮቱ በኩል ተቀምጠው ፊታቸውን ወደ ውጭ አድርገዋል። ብርዱን እንጂ ጉሙን አላወቁም። «ምን ሆነው ነው ሰዎቹ?» ብለው ጠየቁኝ። «መንገዱ ጠቦ ነው» አልኳቸው። አራት ዓመት ከዋሸሁ በኋላ አንድ ቢጨመር ምን ይሆናል።

ዶክተሯ ወጣት ናት። አባቴን አገጫቸውን መሣሪያው ላይ አስደግፋ ብዙ ጊዜ አየቻቸው። ጣቷን በግራ በቀኝ እያንቀሳቀሰች «ይሄ ይታያል?» ትላለች፤ እሳቸው እንደ ፈተና ተማሪ ተጨንቀው ይገምታሉ። ሲያልቅ ወንበሯን ወደ እኔ አዞረች።

«ግላኮማ ነው። ዓይን ውስጥ ያለው ግፊት ሲጨምር ነርቩን ቀስ በቀስ ይገድለዋል፤ ሕመም የለውም። የግራው አልቋል። የቀኙ መሃሉ ላይ ትንሽ ቀርቶታል። ጠብታ እሰጣችኋለሁ፤ ያለውን ለማቆየት ነው እንጂ የሄደው አይመለስም።»

«ምንም አይመለስም?»

«ምንም። ቶሎ ብትመጡ ኖሮ ብዙውን እናተርፈው ነበር» አለችና ካርዱን ሳበች። «መጀመሪያ ያማረሩት መቼ ነው?»

«አራት ዓመት ይሆነዋል።»

«ምን አሉ ያኔ?»

«መብራቱ አነሰኝ አሉ።»

እስክሪብቶዋ ካርዱ ላይ ቆመ። «እናንተስ ምን አደረጋችሁ?»

ከእኔ ቀድመው አባቴ ወደ ድምፃችን ዞሩ፤ እኔ ካለሁበት ትንሽ ወደ ጎን አዩ። ጣታቸው ላይ የመርፌው ጠባሳ ገና አልጠፋም።

«ዶክተር፣ ልጄን አይቆጡብኝ» አሉ። «እሱ የተማረ ነው። ከተማ ውስጥ ያለውን አምፖል አንድ ሳያስቀር እየገዛ ሞክሮልኛል።»

በኩራት ነበር የተናገሩት።